የሮሙ ተዋናይና የሐረሩ ልጅ

እ.ኤ.አ. በጥቅምት 1930 ጣሊያን ድምፅ ያለው የመጀመሪያ ፊልሟን ሮም ላይ ለተመልካች አቀረበች። ርዕሱ «የፍቅር ዘፈን»፣ ዳይሬክተሩ ጄናሮ ሪጌሊ፣ መነሻውም የሉዊጂ ፒራንዴሎ አጭር ልቦለድ ነበር። ከተዋንያኑ አንዱ ካሚሎ ፒሎቶ ይባላል፤ ሰውነቱ ገዘፍ ያለ፣ በመድረክ ቲያትር ያደገ፣ ድምፅ አልባ ፊልሞች ላይም የሠራ የሮም ልጅ። ወር አለፍ ሳይል፣ ጥቅምት 23 ቀን 1923 ዓ.ም.፣ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ አዲስ አበባ ላይ ዘውድ ጫኑ፤ ለበዓሉ ከመጡት እንግዶች መካከል የፊልም ካሜራ የተሸከሙ የውጭ አገር ሰዎችም ነበሩ።

ሁለቱን ሰዎች አንድ ላይ ማንሳት እንግዳ ነገር ሊመስል ይችላል። አንዱ ለእንጀራው የሚተውን ሰው ነው፤ ሌላው ንጉሠ ነገሥት። ሆኖም ሲኒማ ከዝምታ ወደ ንግግር በተሻገረባቸው ዓመታት የዓለም ተመልካች ኢትዮጵያን ያየውም የሰማውም በአብዛኛው በሁለት በኩል ነው፤ ሐረር ባሳደገችው ሰው ፊትና ድምፅ፣ እንዲሁም አገራችንን በወረረው መንግሥት ተዋንያን አፍ። በዚህ በሁለተኛው ወገን ደግሞ ፒሎቶ ደጋግሞ ብቅ ይላል፤ አንዴ ለሐበሻ መሣሪያ የሚሸጥ ነጋዴ፣ አንዴ የካርታጎው ሃኒባል፣ በመጨረሻም ዛሬም ድረስ ስማቸው በካቶሊክ ቤተ ክርስቲያን ዘንድ የሚነሣው አቡነ መስያስ ሆኖ።

ሐረር ካሜራን ያወቀችው ገና ፊልም ሳይፈጠር ነው። የባርዴ ንግድ ቤት ሠራተኛ ሆኖ እ.ኤ.አ. በ1880 መጨረሻ ወደ ከተማዋ የገባው ፈረንሳዊው ገጣሚ አርተር ራምቦ ከአገሩ ካሜራ አስመጥቶ በ1883 የራሱን ፎቶ አነሣ፤ ለእናቱም ላከ። ማጠቢያው ውሃ መጥፎ ስለሆነ ምስሉ ነጥቶ መቅረቱን በደብዳቤው አማርሯል። ዛሬ በጀጎል ውስጥ በስሙ የሚጠራው ከእንጨት የተሠራ የህንድ ነጋዴ ቤት የቆዩ የሐረር ፎቶግራፎች የሚታዩበት ነው፤ እሱ ራሱ ባይኖርበትም።

ያኔ ከተማዋ በግብፆች እጅ ነበረች። በ1885 ግብፆች ለቅቀው ሲወጡ አሚር አብዱላሂ ያዟት፤ ሁለት ዓመት ሳይሞላ በገና ሰሞን በጨለንቆ ጦርነት ምኒልክ ድል አድርገው ራስ መኮንንን ሾሙባት። የራስ መኮንን ልጅ ተፈሪ፣ የኋላው ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ፣ ሐምሌ 16 ቀን 1884 ዓ.ም. ከሐረር ብዙም በማትርቀው እጀርሳ ጎሮ ተወለዱ። እዚህ ላይ የካቶሊክ ሚሲዮን ታሪክ ውስጥ ይገባል። ጣሊያናዊው የካፑቺን መነኩሴ ጉልየልሞ ማሳያ፣ በእኛ አጠራር አቡነ መስያስ፣ በ1846 ወደዚህ ምድር መጥተው ሠላሳ አምስት ዓመት ያህል በመባረርና በመመለስ ካሳለፉ በኋላ፣ እሳቸውን የተኩት ፈረንሳዊው ሞንሴኞር ቶረን በ1881 ሐረር ላይ ሰፈሩ። ከእሳቸው ቀጥሎ የመጡት ሞንሴኞር ዣሮሶ፣ አባ እንድርያስ፣ የራስ መኮንን ወዳጅ ሆኑ። መኮንንም ለልጃቸው የፈረንሳይኛ መምህር ሲፈልጉ መጀመሪያ ከጓደሉፕ የመጣውን ሐኪም ቪታልየንን፣ በኋላም በሚሲዮኑ የተማሩትን አባ ሳሙኤል ወልደ ካህንን አገኙ። ተፈሪ እኚህን መምህራቸውን በ1907 ዓ.ም. በሐሮማያ ሐይቅ ላይ ጀልባ ሰምጦ አጥተዋቸዋል፤ ራሳቸውም ለጥቂት ተርፈዋል። «ሕይወቴና የኢትዮጵያ እርምጃ» በተባለው መጽሐፋቸው ስለ አባ ሳሙኤል የጻፉት፣ ለስሜት እምብዛም ቦታ በማይሰጠው በዚያ መጽሐፍ ውስጥ፣ ልብ የሚነካ ክፍል ነው።

ይህን የትምህርት ነገር ያነሣሁት ያለ ምክንያት አይደለም፤ ፈረንሳይኛው ጄኔቫ ላይ ዋጋ አለው።

ፒሎቶ ካሜራ ፊት የቆመው በአንደኛው የዓለም ጦርነት ዓመታት ነው። የጣሊያን ፊልም ዝና ያኔ ገና ትኩስ ነበር። ጆቫኒ ፓስትሮኔ በ1914 ያወጣው «ካቢሪያ» ሮምና ካርታጎን አፋልሞ፣ ሃኒባልን ከነሠራዊቱ የአልፕስን ተራራ አሻግሮ ዓለምን ጉድ አሰኝቷል። በዚያ ፊልም ታዋቂ የሆነው ማቺስቴ የተባለው ጡንቸኛ ባሪያ ቆዳው ጥቁር ነው፤ የተጫወተው ግን ቀለም የተቀባ ጣሊያናዊ የወደብ ጫኝና አውራጅ ነበር። ይህ ዘዴ በኋላ እኛንም ያገኘናል። ከጦርነቱ በኋላ የጣሊያን ሲኒማ ወድቆ ዳይሬክተሮቹም ተዋንያኑም ሥራ ፍለጋ በርሊንና ፓሪስ ተበተኑ። መድረክ የነበረው ሰው መድረኩን ይዞ ቆየ። ፒሎቶም ከነዚህ አንዱ ነው።

ድምፅ ሲመጣ ብዙ የዝምታው ዘመን ኮከቦች በድምፃቸው ምክንያት እንደ ወደቁ ይወራል። ለፒሎቶ ዓይነቱ ግን ነገሩ ተገላቢጦሽ ነው። ለፍቅረኛ ገጸ ባሕርይ የማይመች ሰውነቱ በዝምታው ዘመን ከጥግ አላላቀቀውም፤ በቲያትር አዳራሽ የኋላ ወንበር ድረስ መድረስ የለመደ ድምፁ ግን ማይክሮፎን ሲመጣ ተፈላጊ አደረገው። ከ1930 በኋላ በያመቱ ፊልም ላይ ነው፤ የቤት አባት፣ ባለሆቴል፣ ነጋዴ፣ የጦር አለቃ እየሆነ። እስኪሞት ድረስ 100 ያህል ፊልሞች ላይ ተውኗል።

የተፈሪ መንገድ ሌላ ነው። አልጋ ወራሽ ሳሉ፣ ኢትዮጵያ የዓለም መንግሥታት ማኅበር አባል በሆነችበት በዚያው ዓመት፣ ሚያዝያ 1916 ዓ.ም. ከራስ ኃይሉ፣ ከራስ ሥዩምና ከራስ ናደው ጋር በባቡር ተነሥተው ኢየሩሳሌምን፣ ካይሮን፣ ፓሪስን፣ ብራስልስን፣ ስቶክሆልምን፣ ለንደንን፣ አቴናን ዞሩ። በየደረሱበት የዜና ፊልም ካሜራ ጠበቃቸው። እነ ፓቴና ጎሞን በየሳምንቱ ለሲኒማ ቤቶች የሚያድሉት አጫጭር ፊልም የሚፈልገው እንዲህ ያለ ነገር ነበር፤ ካባ፣ ባርኔጣ፣ ለስጦታ የመጣ አንበሳ፣ ከባቡር የሚወርድ መስፍን።

ድምፅ አልባው ፊልም ለተፈሪ ተስማምቷቸዋል ባይ ነኝ። በቤተ መንግሥት ያደገ የመኳንንት ልጅ ድምፁን ከፍ አያደርግም፤ አይቸኩልም፤ አፉን በኩታው ጫፍ ከለል አድርጎ ይናገራል፤ ቁጣም ደስታም ፊቱ ላይ አይነበብም። ለአውሮፓ ተዋናይ ይህ ጉድለት ነው፤ በዝምታው ዘመን ሁሉን ነገር በፊትና በእጅ ማጋነን ነበረበትና። ነገር ግን የሚሯሯጥና የሚስቅ ሕዝብ በሞላበት የዜና ፊልም ላይ አንድ ቀጭን፣ ጺማም፣ ዝግ ያለ ሰው ሲገባ ዓይን ወደ እሱ ይሄዳል። ችግሩ በምስሉ መሃል በሚገባው የጽሑፍ ሰሌዳ ላይ ነበር። ሰሌዳውን የሚጽፈው የፓሪስ ወይም የለንደን ሰው ነው፤ ተመልካቹ ስለ ራስ ተፈሪ የሚያውቀው ያ ጸሐፊ የፈቀደለትን ብቻ። ፊቱ የእሳቸው፣ ቃሉ የሌላ ሰው።

ከዘውዱ በዓል በኋላ ባሉት አምስት ዓመታት ድምፅ ያለው የዜና ፊልም ሲኒማ ቤቶችን ሁሉ ያዘ። ኅዳር 1927 ዓ.ም. ወልወል ላይ ግጭት ተነሣ፤ መስከረም 22 ቀን 1928 ዓ.ም. የጣሊያን ጦር መረብን ተሻገረ። የፎክስ ሙቪቶን ቡድን በደራሲው ሎረንስ ስታሊንግስ እየተመራ መጣ፤ የፓራማውንቱ ጆን ዶረድ መጣ፤ ሶቪዬቶችም የራሳቸውን ሰዎች ላኩ። ብዙዎቹ ከአዲስ አበባ ብዙም ሳይርቁ ጦርነት ይጠብቁ ነበር። በዘውዱ በዓልም በጦርነቱም ጊዜ መጥቶ ሐረርን ያየው እንግሊዛዊው ደራሲ ኤቭሊን ዎ ይህን ትርምስ በኋላ «ስኩፕ» በተባለው ልቦለዱ አፌዞበታል፤ በልቦለዱ ውስጥ ባለድምፅ የፊልም ጓድም አለበት። ዎ ኢትዮጵያን አይወድም ነበር፤ ስለ ባልደረቦቹ የጻፈው ግን እውነት ይመስለኛል።

በጣሊያን በኩል ያለው ሥራ የተደራጀ ነው። ሉቼ የተባለው የመንግሥት የፊልም ተቋም ለምሥራቅ አፍሪካ የተለየ ክፍል አቋቁሞ ድልድይ ሲሠራ፣ መንገድ ሲጠረግ፣ ወታደር ሲዘምር ቀረጸ። የመርዝ ጋዙን አልቀረጸም። መጋቢት 20 ቀን 1928 ዓ.ም. ጦር የማይገኝባት ክፍት ከተማ ተብላ የታወጀችው ሐረር በአውሮፕላን ስትደበደብም፣ ቦምቡ ከወደቀባቸው መካከል የሚሲዮንና የሆስፒታል ሕንፃዎች ነበሩ፤ የሉቼ ተመልካች ግን ያየው ከላይ የሚበሩትን አውሮፕላኖች ነው። ሚያዝያ 30 ቀን የጣሊያኑ ጄኔራል የግራዚያኒ ጦር ሐረር ገባ። ንጉሠ ነገሥቱ ከስድስት ቀን በፊት በባቡር በድሬዳዋ አልፈው ወደ ጅቡቲ ወጥተዋል።

ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ጄኔቫ። የኢትዮጵያ ንጉሥ በዓለም መንግሥታት ማኅበር አዳራሽ ወደ መድረኩ ሲወጡ ከጋዜጠኞች ሰገነት የጣሊያን ጋዜጠኞች ፉጨት ለቀቁባቸው። የሩማንያው ቲቱሌስኩ እነዚህን አረመኔዎች አስወጡልን ብለው ጮኹ፤ ፖሊስ ገብቶ ፉጨተኞቹን አወጣ። ንጉሡ ቆመው ጠበቁ። ከዚያ በአማርኛ ጀመሩ።

በአዳራሹ ያለው ዲፕሎማት አብዛኛው ፈረንሳይኛ ይሰማል፤ እሳቸውም ከሐረር ጀምሮ የተማሩት ቋንቋ ነው። በፈረንሳይኛ ቢናገሩ ያለ አስተርጓሚ ይሰሙ ነበር። ይህን ትተው በአማርኛ መናገራቸውን ከፖለቲካው በኩል ብዙ ሰው ተንትኖታል፤ እኔ የሚገርመኝ ከፊልሙ በኩል ነው። ከአሥራ ሁለት ዓመት በፊት ፊታቸውን የወሰደው ካሜራ አሁን ድምፅ መቅጃ ይዟል። ቃሉን የማይሰማ ተመልካች እንኳ ዜማውን ይሰማል፤ ድምፁ አልተንቀጠቀጠም፤ ጉሮሮ ላይ አልተያዘም፤ ልክ ቤተ መንግሥት ውስጥ እንደሚነገረው ዝግ ብሎ ይወርዳል። ስለ መርዝ ጭሱ፣ በዝናብ መልክ ከአውሮፕላን ስለሚረጨው፣ ውሃውንና ግጦሹን ስለ መበከሉ ተናገሩ። ሉቼ ሳይቀርጽ ያለፈው ነገር በሰው ድምፅ ተነግሮ ፊልም ላይ ቀረ። እርግጥ በየሲኒማ ቤቱ የተላለፈው ቁራጭ ነው፤ ላዩ ላይም የተራኪ ድምፅ ይገባበታል። የጽሑፍ ሰሌዳው ጸሐፊ ሥራውን ለተራኪው አስረከበ እንጂ አልጠፋም።

በዚያው ዓመት፣ 1936፣ ፒሎቶ «ታላቁ ጥሪ» በተባለው የማርዮ ካሜሪኒ ፊልም ላይ ጅቡቲ የሚኖር ባለሆቴል ሆኖ ተጫወተ። ሰውየው ጣሊያናዊነቱን የረሳ ነው፤ ለኢትዮጵያውያን በድብቅ መሣሪያ ይሸጣል። ልጁ ከጣሊያን ጦር ጋር ሲመጣ ግን አባት ይጸጸትና መሣሪያውን አጋይቶ ይሞታል። በእውኑ ዓለም የጅቡቲ መስመር ለኢትዮጵያ የመጨረሻዋ የመተንፈሻ ቀዳዳ ነበረች፤ በፊልሙ ውስጥ የኃጢአት መንገድ ሆነች። ፒሎቶ ጥሩ የሠራው የፊተኛውን ክፍል ነው፤ ያ ላብ ያጠመቀው፣ ቅጥ ያጣ፣ አገር የሌለው ነጋዴ ሕይወት አለው፤ ከተጸጸተ በኋላ ግን ሰው መሆኑን ትቶ መፈክር ይሆናል።

በቀጣዩ ዓመት «አፍሪካዊው ሺፒዮኔ» ላይ ሃኒባልን ተጫወተ። አፍሪካን ድል የሚነሣው ሮማዊ አኒባሌ ኒንኪ ነው፤ ተሸናፊው አፍሪካዊ ፒሎቶ። ይህ ፊልም በቬኒስ ፌስቲቫል የሙሶሊኒን ዋንጫ ወሰደ። ዋንጫው ለምርጥ የጣሊያን ፊልም የሚሰጥ ነው፤ የእነዚያ ዓመታት ተሸላሚዎች ሲታዩ ነገሩ ቀልድ ይመስላል። በ1936 ስለ ሊቢያ በረሃ የሚያወራው «ነጩ ጓድ»፣ በ1937 ሺፒዮኔ፣ በ1938 በጎፍሬዶ አለሳንድሪኒ የተሠራውና በኢትዮጵያ ጦርነት የሚያልቀው «አብራሪው ሉቻኖ ሴራ»፣ በ1939 የዚያው አለሳንድሪኒ «አቡነ መስያስ»። አራት ዓመት በተከታታይ አፍሪካ። ካይሮ የተወለደው አለሳንድሪኒ ሁለቱን ወሰደ፤ ከአራቱ ሁለቱ ላይ ፒሎቶ አለ።

«አቡነ መስያስ» ከፊሉ እዚሁ ኢትዮጵያ ውስጥ በብዙ ሕዝብ አጃቢነት የተቀረጸ ትልቅ ፊልም ነው። ፒሎቶ ጺሙን አስረዝሞ ማሳያን ሆነ። ታሪኩ መነኩሴው የፒዬሞንቱ ጠቅላይ ሚኒስትር ካቩር ዘንድ ቀርበው ወደ ኢትዮጵያ ሲመጡ፣ ሸዋ ላይ ምኒልክ ሲቀበሏቸው፣ ግብፃዊው ጳጳስ አቡነ አትናቴዎስ ደግሞ ሲያሳድዷቸውና ዐፄ ዮሐንስን ሲያነሣሡባቸው ያሳያል። ምኒልክ ኤንሪኮ ግሎሪ ነው፤ ዐፄ ዮሐንስ ኢፖሊቶ ሲልቬስትሪ፤ አቡኑ ማርዮ ፌራሪ። ሁሉም ቀለም የተቀቡ ጣሊያኖች፣ ሁሉም ጣሊያንኛ ተናጋሪ። በዝምታው ዘመን ማቺስቴን ያጠቆረው ቀለም ዝናውን አላጣም፤ ድምፅ ሲጨመርበት ግን ነገሩ ከፋ፤ ምኒልክ በሮም ዘዬ ሲናገሩ መስማት ለኛ ሰው ከቀለሙ በላይ ጆሮ ይወጋል።

ታሪኩም ጎደሎ ነው። እውነተኛው ማሳያ ከሸዋ የወጡት በ1879 በዐፄ ዮሐንስ ትእዛዝ ነው፤ አቡነ አትናቴዎስ ግን ከዚያ በፊት ዐርፈዋል፤ የሞተ ሰው ነው ሴራ የሚያሴረው። እውነተኛው ማሳያ ሕዝቡ ዘንድ የተወደዱት በፈንጣጣ ክትባታቸው ነው፤ የኦሮምኛ ሰዋስው የጻፉ፣ በነጋዴ ልብስ ተሸሽገው የተጓዙ፣ ካርዲናል ከሆኑ በኋላ ትዝታቸውን በብዙ ጥራዝ ያሳተሙ ሰው ናቸው። ፊልሙ ይህን ሁሉ ወስዶ የሙሶሊኒ መንግሥት ቀድሞ የላከው መልእክተኛ አደረጋቸው። ፒሎቶን ግን አልወቅሰውም፤ ድምፁን ዝቅ አድርጎ፣ ደካማ ሽማግሌ ሆኖ የሚናገርባቸው ቦታዎች ፊልሙ ከሚገባው በላይ የሚሰጡት ናቸው። ጎበዝ ተዋናይ ለመጥፎ ሥራ ሲያገለግል የሚያስከትለው ጉዳትም እዚሁ ላይ ነው፤ ተመልካቹ ያምነዋል።

ሐረር ላይ ግን በዚያው ሰሞን ሌላ ነገር ይደረግ ነበር። ፊልሙ የሚያሞግሳቸው የካፑቺን መነኮሳት ወራሾች፣ ማለትም የሐረር ፈረንሳውያን ሚሲዮናውያን፣ በአዲሱ አስተዳደር ተገፍተው ወጡ። በ1937 ጣሊያናዊው ሊዮኔ ኦሶላ በቦታው ተሾሙ። ከሃምሳ ዓመት በላይ ቀደም ብለው ወደዚህ አገር የመጡት፣ የተፈሪን አስተማሪ ያሰናዱት አዛውንቱ ዣሮሶ ወደ ፈረንሳይ ተመልሰው በ1941 ቱሉዝ ላይ ዐረፉ። ይኸው አስተዳደር፣ ቬኒስ ላይ የካቶሊክ ሐዋርያን ዋንጫ ሲሸልም፣ በሐረር ግን በጣሊያናዊው ጄኔራል ናሲ ሥር የእስልምና ጠበቃ ነኝ ይል ነበር፤ ሙሶሊኒ በመጋቢት 1937 ትሪፖሊ ላይ «የእስልምና ሰይፍ» ሲቀበል ፎቶ ተነሥቷል። ለሮማው ተመልካች መስቀል፣ ለሐረሬው ጨረቃ። አንዱ ተመልካች የሌላውን ፊልም እንዳያይም ሲኒማ ቤቱ ለነጭና ለአገሬው ሰው የተለያየ ነበር።

«አቡነ መስያስ» ውስጥ ግን ቀለም ያልተቀባች አንዲት ሰው አለች። ልዕልት ዓለም የተባለችውን ገጸ ባሕርይ የተጫወተችው በተዋንያኑ ዝርዝር ላይ በጣሊያንኛ አጻጻፍ ቤርኬ ዛይቱ ታክሌ ተብላ ትነበባለች። የልዕልቷን ያህል ሚና ለአገሬው ሰው መስጠት በ1939 ሕግጋት ዘመን ቀላል ነገር አይደለም፤ የዘር መለያ ሕጉ ጣሊያናዊ ከሐበሻ ሴት ጋር ጎጆ እንዳይቀልስ ካገደ ሁለት ዓመት ሆኖት ነበር። ስለ ኢትዮጵያ ፊልም ታሪክ ስንጽፍ ከ1950ዎቹ ዓ.ም. እንጀምራለን፤ የወራሪ ፊልም ነው ብለን እንዘለዋለን። ትልቅ ድምፅ ባለው ፊልም ላይ፣ በስም ተጠቅሳ፣ በቬኒስ ሸራ ላይ የታየች ሴት ግን መዝለል የለባትም ባይ ነኝ፤ ዳይሬክተሩ ምንም አስቦ ያስገባት።

መጋቢት 17 ቀን 1933 ዓ.ም. የናይጄሪያ ወታደሮች ሐረርን ነፃ አወጡ። ፒሎቶ ከጦርነቱ በኋላም ሥራ አላጣም። ፋሺዝም ሲወድቅ የጣሊያን ፊልም ወደ መንገድ ወጥቶ ከተራ ሰው ጋር ሲሠራ፣ የመድረክ ድምፅ ያለው ሽማግሌ ተዋናይ አሁንም የጎረቤት፣ የዳኛ፣ የቄስ ሚና ያገኝ ነበር። በግንቦት 1963 ሮም ላይ ሞተ። በዚያው ወር አዲስ አበባ ላይ የአፍሪካ አንድነት ድርጅት ሲመሠረት ካሜራዎቹ እንደገና በሐረሩ ሰው ላይ ነበሩ፤ በመስከረም 1956 ዓ.ም. ደግሞ ንጉሠ ነገሥቱ ኒው ዮርክ ላይ በተባበሩት መንግሥታት ጉባኤ ፊት ቆመው፣ የጄኔቫውን ቀን ከሃያ ሰባት ዓመት በኋላ እያስታወሱ፣ እንደገና በአማርኛ ተናገሩ።

የአማርኛ ረጅም ልቦለዳዊ ፊልም የመጣው ከዚያ ቀጥሎ ነው። «ሂሩት አባቷ ማነው» በ1957 ዓ.ም. ሲታይ ጥቁርና ነጭ ነበር፤ ድምፁ ግን ከመጀመሪያው አብሮት ነበር። የኢትዮጵያ ልቦለዳዊ ፊልም ድምፅ አልባ ዘመን የሚባል አላለፈበትም፤ ሐበሻ ሐበሻን ሆኖ፣ በራሱ ቋንቋ እየተናገረ ጀመረ።